ትንሹን ለማየት ትልቁ ማሽን ለምን አስፈለገ?

ጥያቄው የመጣው ከአንድ የሁለተኛ ደረጃ የፊዚክስ መምህር ነው። ባጭሩ እንዲህ ይላል፦ «ስለ አቶም ሳስተምር ጄኔቫ አጠገብ ያለውን የአውሮፓ የቅንጣት ምርምር ማዕከል፣ የሰርንን፣ ማሽን አነሳሁ። ተማሪዎቼ በጥያቄ አጣደፉኝ። ከአቶም ያነሰ ነገር ለማየት 27 ኪሎ ሜትር ዋሻ ለምን ይቆፈራል? ሂግስ የተባለው ቅንጣት በ2012 ከተገኘ ማሽኑ አሁን ምን እየሠራ ነው? ለኛስ ምን ይጠቅመናል? የሚሆን መልስ ቢሰጡኝ ይዤላቸው እገባለሁ።»

መምህር፣ ሦስቱም ጥሩ ጥያቄዎች ናቸው። በተለይ የመጀመሪያውን ብዙ ሰው በሆዱ ይዞት ይኖራል እንጂ ደፍሮ አይጠይቀውም። ሥራዬ ከአክሰለሬተር (ቅንጣቶችን ከሚያፈጥን ማሽን) ጋር ስለሆነ ትንሽ ሰፋ አድርጌ ልመልስ። ዓመቶቹንና ቀኖቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ከማየት እንጀምር። አንድን ነገር የምናየው ብርሃን መትቶት ወደ ዓይናችን ሲመጣ ነው። ብርሃን ደግሞ ሞገድ ነው። ሞገዱ ከነገሩ በጣም የሚተልቅ ከሆነ የነገሩን ቅርጽ ሊለይ አይችልም። ዓይናችን የሚያየው ብርሃን የሞገድ ርዝመቱ ከ400 እስከ 700 ናኖሜትር (የሜትር ቢሊዮንኛ) ገደማ ነው። አቶም ግን የአንድ ናኖሜትር አንድ አሥረኛ ያህል ነው። የፈለገውን ያህል ጥሩ ሌንስ ብንሠራ የአቶምን ውስጥ በዚህ ብርሃን አናየውም። ችግሩ ያለው ሌንሱ ላይ አይደለም፣ ብርሃኑ ላይ ነው።

መፍትሔው የመጣው ከፈረንሳዊው ሉዊ ደ ብሮይ ነው። በ1924 ቅንጣትም እንደ ሞገድ ይሆናል አለ። ሞመንተሙ (ክብደቱና ፍጥነቱ ተዳምረው የሚሰጡት ግፊት) በጨመረ ቁጥር ሞገዱ ያጥራል። እንግዲያው በጣም አጭር ሞገድ ከፈለግን ኤሌክትሮንን ወይም ፕሮቶንን ይዘን ኢነርጂውን ከፍ ማድረግ ነው። አክሰለሬተር የሚባለው ማሽን አንደኛው ሥራው ይኸው ነው።

የራዘርፎርድን ሙከራ እንደሚያስተምሩት አልጠራጠርም። በ1909 ጋይገርና ማርስደን አልፋ ቅንጣቶችን በስስ የወርቅ ቅጠል ላይ ሲለቁ፣ ጥቂቶቹ ወደ ኋላ ተመለሱ። ራዘርፎርድ ከዚያ ተነስቶ በ1911 አቶም መሐሉ ላይ ጠጣር ኒውክለስ አለው አለ። ተማሪዎች ብዙ ጊዜ የማይሰሙት ከዚያ በኋላ የመጣውን ነው። በ1960ዎቹ አጋማሽ ካሊፎርኒያ ውስጥ፣ ስታንፎርድ፣ 3.2 ኪሎ ሜትር ቀጥ ብሎ የሚሄድ አክሰለሬተር ተሠራ። ተመራማሪዎቹ ኤሌክትሮኖችን እስከ 20 ቢሊዮን ኤሌክትሮንቮልት (የቅንጣት ኢነርጂ መለኪያ) አድርሰው ፈሳሽ ሃይድሮጅን ላይ ለቀቋቸው። ፕሮቶን ውስጡ እንደ ጭጋግ የተበተነ ቢሆን ኖሮ ኤሌክትሮኖቹ በትንሹ ብቻ ዘወር ብለው ማለፍ ነበረባቸው። የሆነው ሌላ ነው። ከተጠበቀው እጅግ የበዙት በሰፊ አንግል ተወረወሩ። ፕሮቶን ውስጥ እንደ ነጥብ የሆኑ ጠጣር ነገሮች አሉ ማለት ነው። ኳርክ የምንላቸው እነሱ ናቸው። ፍሪድማን፣ ኬንዳልና ቴይለር በ1990 ለዚህ ሥራ ኖቤል ተሸለሙ። ልብ ይበሉልኝ፣ ሐሳቡ ያው የራዘርፎርድ ሐሳብ ነው። የተጨመረው ኢነርጂ ነው።

ሁለተኛው ሥራ መፍጠር ነው። አይንስታይን እንዳለው ኢነርጂ ወደ መጠነ ቁስ ሊለወጥ ይችላል። ሂግስ ቦዞንን፣ ሌሎች ቅንጣቶች መጠነ ቁስ ከሚያገኙበት መስክ ጋር የተያያዘውን ቅንጣት፣ ከመሬት ቆፍረን አናወጣውም። ቢፈጠርም ዓይን ሳይጨፈን ይፈርሳል፤ ዕድሜው ከሰከንድ ቢሊዮንኛ እጅግ እጅግ ያነሰ ነው። ስለዚህ እዚያው ፈጥሮ፣ እዚያው ሲፈርስ የተረፈውን መመዝገብ ነው ያለው አማራጭ። ሂግስ 125 ቢሊዮን ኤሌክትሮንቮልት ይመዝናል፤ ከአንድ ፕሮቶን ከ130 ጊዜ በላይ ይከብዳል። ቢሊዮን ኤሌክትሮንቮልትን ከዚህ በኋላ ጂኢቪ ብዬ ላሳጥረው።

እዚህ ላይ ሰሌዳ ላይ ሊሠሩት የሚችሉት አንድ ቆንጆ ሒሳብ አለ። የሰርኑ ትልቅ ማሽን፣ ኤልኤችሲ፣ አንድን ፕሮቶን 6,800 ጂኢቪ ያደርሰዋል። ይህን ፕሮቶን ቆሞ የሚጠብቅ ሌላ ፕሮቶን ላይ ብንለቀው ሂግስ ይወጣል? 125 ነው የሚያስፈልገው፣ ያለን 6,800 ነው፤ ሲያዩት ይተርፋል። ግን አይበቃም። አብዛኛው ኢነርጂ የሚያልቀው ፍርስራሹን ወደ ፊት ይዞ በመሄድ ነው። አዲስ ነገር ለመፍጠር የሚተርፈውን ለማግኘት 6,800ን በፕሮቶን መጠነ ቁስ፣ በ0.938፣ ያባዙ። ውጤቱን በሁለት ያባዙት። ስኩዌር ሩት ይውሰዱ። 113 ጂኢቪ ገደማ ይመጣል። ሂግስ ላይ አልደረሰም! ሁለቱን ፕሮቶኖች ፊት ለፊት ብናጋጫቸው ግን 13,600 ጂኢቪ ሙሉ በሙሉ ለግጭቱ ይውላል። በዓለም ላይ ያሉት ትልልቅ ማሽኖች ሁለት የቅንጣት ጨረር በተቃራኒ አቅጣጫ የሚያሽከረክሩት ለዚህ ነው። ይህን ሒሳብ በራሳቸው እጅ የሠሩ ተማሪዎች «ለምን አጋጩት» ብለው ዳግም አይጠይቁም።

አሁን ወደ 27 ኪሎ ሜትሩ። ወንጭፍ ያሽከረከረ ልጅ ነገሩን በእጁ ያውቀዋል። ድንጋዩ በፈጠነ ቁጥር ገመዱ ይወጠራል፤ ገመዱ ካልቻለ ድንጋዩ ያመልጣል። በኤልኤችሲ የገመዱን ቦታ የያዘው ማግኔት ነው። ፕሮቶኑ ክቡን እየዞረ በየዙሩ ትንሽ ትንሽ ኢነርጂ ይጨመርለታል፤ ማግኔቱ ደግሞ በዚያው ልክ እየበረታ መንገዱ ላይ ያቆየዋል። ማግኔቱ ከዚህ በላይ መበርታት አልችልም ሲል ያለው ምርጫ አንድ ነው፦ ክቡን ማስፋት።

ተራ ብረት ያለው ማግኔት 2 ቴስላ (የማግኔት ብርታት መለኪያ) አካባቢ ሲደርስ ይጠግባል። በእሱ ብቻ ቢሠራ ኤልኤችሲ ወደ 100 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ዙሪያ ይፈልግ ነበር። ስለዚህ ሱፐርኮንዳክተር መጣ። ከኒዮቢየምና ከቲታኒየም ቅይጥ የተሠራ ሽቦ በጣም ሲቀዘቅዝ ኤሌክትሪክን ያለ ምንም ሬዚስታንስ ያስተላልፋል። በእያንዳንዱ ማግኔት ከ11 ሺህ አምፔር በላይ ያልፋል። ማግኔቶቹ 1,232 ናቸው፤ እያንዳንዱ 15 ሜትር ርዝመትና 35 ቶን ክብደት አለው። ከዜሮ በታች 271 ዲግሪ ድረስ በፈሳሽ ሂሊየም ይቀዘቅዛሉ። ከዋክብት መሐል ያለው ጠፈር እንኳ እንደዚህ አይቀዘቅዝም። ይህ ሁሉ ተደርጎ የሚገኘው 8 ቴስላ ገደማ ነው። በ8 ቴስላ 6,800 ጂኢቪ ፕሮቶንን ለማዞር የ2.8 ኪሎ ሜትር ሬዲየስ ያስፈልጋል። ዙሪያው 17 ኪሎ ሜትር ተኩል አለፍ ይላል። የቀረው ርቀት ቀጥ ያለ መንገድ ነው፤ ጨረሩን ለሚያፈጥኑት፣ ለሚያጠቡትና ለሚያስወግዱት መሣሪያዎች፣ የግጭቱን ፍርስራሽ ለሚመዘግቡት ዲቴክተሮችም። እያንዳንዱ ኪሎ ሜትር ምክንያት አለው።

ስለ ፍጥነትም አንድ ነገር ልጨምር፣ ተማሪዎች ይወዱታልና። ፕሮቶኑ መነሻው ተራ የሃይድሮጅን ጋዝ ነው። ከዚያ ከትንሽ ማሽን ወደ ትልቅ ማሽን እየተሸጋገረ ይሄዳል። ከመሐላቸው አንዱ በ1959 ሥራ የጀመረ ነው፤ ዛሬም ይሠራል። ፕሮቶኑ ወደ ኤልኤችሲ ሲገባ 450 ጂኢቪ ይዟል። በዚህ ሰዓት ከብርሃን የሚያንሰው በሰከንድ 650 ሜትር ገደማ ብቻ ነው። 20 ደቂቃ ያህል፣ በየሰከንዱ ከ11 ሺህ ጊዜ በላይ እየዞረ፣ ኢነርጂው 15 እጥፍ ያድጋል። ፍጥነቱስ? አሁንም በሰከንድ 3 ሜትር ገደማ ከብርሃን ያንሳል። ኢነርጂው 15 እጥፍ ሲሆን ፍጥነቱ የጨመረው ከቁጥር የማይገባ ነው። አንጻራዊነትን ለማስረዳት ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም።

ዋሻው መጀመሪያ የተቆፈረው ለኤልኤችሲ አልነበረም። ከ1989 እስከ 2000 ሌፕ የተባለ የኤሌክትሮንና የፖዚትሮን (የኤሌክትሮን ፀረ ቁስ አቻ) ማሽን ነበረበት። ኤሌክትሮን ከፕሮቶን 1,836 ጊዜ ይቀላል። ቀላል ቅንጣት ሲታጠፍ ብዙ ጨረር ይለቃል፤ በየዙሩ ኢነርጂውን ያባክናል። ስለዚህ ሌፕ ሰፊ ክብ የፈለገው በማግኔት ማነስ ሳይሆን መታጠፊያው እንዲለዝብለት ነው።

ሌፕ ላይ የሆነ አንድ ነገር ሁልጊዜ ይደንቀኛል። በ1990ዎቹ መጀመሪያ የጨረሩ ኢነርጂ በቀን ውስጥ ከፍ ዝቅ ይል ነበር። መንስኤው ጨረቃ ሆና ተገኘች። ጨረቃ ባሕርን እንደምታነሳ ሁሉ ምድርንም በትንሹ ትለጥጣለች። የ27 ኪሎ ሜትሩ ክብ በአንድ ሚሊ ሜትር ገደማ ይረዝምና ያጥር ነበር፤ መለኪያው ያንን ያዘው። ከዚያ ሌላ ትንሽ ጫጫታ ቀረ፤ ሌሊት ጋብ ይላል፣ ቀን ይመለሳል። እሱ ደግሞ በአቅራቢያው ባለው ሐዲድ ከሚያልፉት የኤሌክትሪክ ባቡሮች የሚሾልክ ከረንት ነበር። ዜድ የተባለውን ቅንጣት መጠነ ቁስ በትክክል ለመለካት ጨረቃንም ባቡርንም ከሒሳቡ መቀነስ አስፈልጓል።

ነገሩ ሁልጊዜ ሰላም አይደለም። ኤልኤችሲ መስከረም 10 ቀን 2008 የመጀመሪያ ጨረሩን አዞረ። ከ9 ቀን በኋላ በሁለት ማግኔቶች መሐል ያለ አንድ የኤሌክትሪክ መገጣጠሚያ ተበላሸ። ብልጭታው የሂሊየሙን ዕቃ በሳው፤ ቶኖች የሚመዝን ሂሊየም ወደ ዋሻው ፈሰሰ፣ ከባድ ማግኔቶች ከቦታቸው ተነቃነቁ። ሰው አልተጎዳም። ጥገናው ግን ከዓመት በላይ ወሰደ።

ሁለተኛው ጥያቄ፣ ሂግስ ከተገኘ በኋላስ? ሐምሌ 4 ቀን 2012 የተነገረው «አዲስ ቅንጣት አለ» የሚል ነው። ምን ዓይነት ጠባይ እንዳለው ገና አልታወቀም ነበር። ንድፈ ሐሳቡ ሂግስ ከከባድ ቅንጣት ጋር አጥብቆ፣ ከቀላል ጋር ላላ አድርጎ ይያያዛል ይላል። ይህ እውነት መሆኑ የሚረጋገጠው አንድ በአንድ በመለካት ነው። ሂግስ ወደ ቦተም ኳርክ (ከከባዶቹ የኳርክ ዓይነቶች አንዱ) ሲፈርስ በእርግጠኝነት የታየው በ2018 ነው፤ ከግኝቱ 6 ዓመት በኋላ፣ ያውም አብዛኛው ሂግስ የሚፈርሰው በዚህ መንገድ ሆኖ ሳለ። ምክንያቱ ቦተም ኳርክ ከሌላ ግጭትም በገፍ ስለሚወጣ ነው። የሚፈለገውን ከብዙ ተመሳሳይ ነገር መሐል ለቅሞ ማውጣት ጊዜ ይፈጃል። ሂግስ ከራሱ ጋር እንዴት እንደሚያያዝ ደግሞ ዛሬም በቅጡ አልተለካም። በ2030 ገደማ ሥራ ይጀምራል የተባለው የተሻሻለው ማሽን፣ ግጭት በብዛት የሚያመርተው፣ ዋና ዓላማው እንዲህ ያለ ልኬት ነው።

ለተማሪዎችዎ እውነቱን ሊነግሯቸው ይገባል። ኤልኤችሲ ሲሠራ ብዙዎች ከሂግስ ሌላ አዳዲስ ከባድ ቅንጣቶች ይወጣሉ ብለው ጠብቀው ነበር። በተለይ ሱፐርሲሜትሪ፣ ለእያንዳንዱ ቅንጣት ሌላ አቻ አለው የሚለው ሐሳብ፣ የሚተነብያቸው። እስካሁን አልወጡም። በስበቱ ብቻ የምናውቀው፣ የማይታየው ጨለማ ቁስ ምን እንደሆነም አልታወቀም፤ እኛና ከዋክብት የተሠራንበት ተራ ቁስ ከዩኒቨርሱ 5 በመቶ ገደማ ብቻ ሆኖ። አንዳንድ ሰው ይህን እንደ ክስረት ያየዋል። እኔ አልስማማም። አንድ ሐሳብ በተጠበቀበት ቦታ ተፈልጎ ሲታጣ፣ እዚያ እንደሌለ ማወቅም ዕውቀት ነው። ያም ሆኖ ቀጣዩን፣ 91 ኪሎ ሜትር ዙሪያ ያለውን ማሽን ይሠራ ወይስ አይሠራ የሚለው ክርክር ተገቢ ክርክር ነው። የሚወጣው ገንዘብ ቀላል አይደለም። አሜሪካ በቴክሳስ 87 ኪሎ ሜትር ማሽን መቆፈር ጀምራ፣ ወደ 2 ቢሊዮን ዶላር ካወጣች በኋላ፣ ኮንግረሱ በ1993 አቆመው። ፊዚክስ ስለሆነ ብቻ ገንዘብ ይሰጠው አይባልም።

ሦስተኛው ጥያቄ ላይ ስደርስ ከኤልኤችሲ መውጣት እፈልጋለሁ። በዓለም ላይ ከ30 ሺህ በላይ አክሰለሬተሮች አሉ። ቅንጣት ፍለጋ ላይ ያሉት በጣም ጥቂቶች ናቸው። የበዙት ሆስፒታልና ፋብሪካ ውስጥ ነው የሚሠሩት። አያቶቻችን ቤት የነበረው ባለ ሆዱ ቴሌቪዥን ራሱ ኤሌክትሮኖችን በ20 ሺህ ቮልት ገደማ እያፈጠነ መስታወቱ ላይ የሚያሳርፍ ማሽን ነበር።

ጥቁር አንበሳ ሆስፒታል የካንሰር ታካሚዎችን ለረጅም ዓመታት ያከመው በኮባልት-60 ማሽን ነበር። ኮባልት-60 በራሱ ጨረር የሚለቅ ንጥረ ነገር ነው፤ 5 ዓመት ከሩብ ገደማ ሲሆነው ኃይሉ በግማሽ ይወርዳል። ያን ጊዜ አንድ ሕመምተኛ የሚፈልገውን መጠን ለማግኘት እጥፍ ደቂቃ ይተኛል፣ ወረፋውም ይረዝማል። በኋላ የመጣው ሊኒየር አክሰለሬተር ሌላ ነው። ከአንድ ሜትር ብዙም የማይበልጥ የመዳብ ቱቦ ውስጥ ማይክሮዌቭ ኤሌክትሮኖችን እየገፋ ሚሊዮኖች ኤሌክትሮንቮልት ያደርሳቸዋል። ኤሌክትሮኖቹ ተንግስተን ላይ ሲያርፉ ኃይለኛ ኤክስሬይ ይወጣል፤ ያ ጨረር በዕጢው ቅርጽ ልክ ይጠባል። ሲጠፋ ጨረሩም ይቆማል። የስታንፎርዱ 3.2 ኪሎ ሜትር ማሽን የሚሠራበት መርሕ ከዚህ አይለይም። ነገር ግን ሊኒየር አክሰለሬተር የማይቆራረጥ መብራት፣ ማቀዝቀዣ ውኃና የሠለጠነ ጠጋኝ ይፈልጋል። እንደኔ እምነት ማሽኑን ከመግዛት እኩል ትኩረት የሚያሻው የሚጠግነውን ሰው ማሠልጠኑ ነው። ተማሪዎችዎ መካከል ፊዚክስም ኤሌክትሮኒክስም የሚወድ ካለ፣ የሜዲካል ፊዚክስን ስም ቢያነሱለት ደስ ይለኛል።

ሌላው በጣም የምወደው ከአፋር የተነሳ ነው። ዘረሰናይ ዓለምሰገድና ቡድኑ በ2000 ዲኪካ ላይ ያገኟት ሕፃን፣ ሰላም፣ 3.3 ሚሊዮን ዓመት ዕድሜ አላት። ስትሞት ስንት ዓመቷ ነበር? ጥርሷን ሰባብሮ ማየት አይታሰብም። ቅሪቷ ፈረንሳይ፣ ግሬኖብል ወዳለው ሲንክሮትሮን ተወሰደ። እዚያ ኤሌክትሮኖች 844 ሜትር ክብ ውስጥ ይዞራሉ። ቅድም ሌፕን ያስቸገረው፣ ኤሌክትሮን ሲታጠፍ የሚለቀው ጨረር፣ እዚህ ዋናው ምርት ነው፤ እጅግ የጠራ ኤክስሬይ። በዚያ ኤክስሬይ ጥርሷ ውስጥ በየቀኑ እየተጨመሩ ያደጉት ስስ መስመሮች ታዩ፣ ተቆጠሩም። በ2020 የወጣው ጥናት ሰላም የሞተችው በ861 ቀኗ ነው አለ፤ ሁለት ዓመት ከአራት ወር ገደማ መሆኑ ነው። ከ3 ሚሊዮን ዓመት በፊት የሞተችን ሕፃን ዕድሜ በቀን የቆጠረው አክሰለሬተር ነው።

እንዲህ ያለ የብርሃን ምንጭ አፍሪካ ውስጥ እስካሁን የለም። ደቡብ አፍሪካ፣ ኬፕታውን አጠገብ፣ 200 ሚሊዮን ኤሌክትሮንቮልት የሚደርስ ሳይክሎትሮን፣ ሌላ ዓይነት አክሰለሬተር፣ አለ፤ ሥራው ግን ሌላ ነው። ለኛ ቅርብ የሚሆነው ዮርዳኖስ ውስጥ በ2017 የተመረቀው ሴሳሚ ነው። ዙሪያው 133 ሜትር ብቻ ነው። ግብፅ፣ ኢራን፣ እስራኤል፣ ፍልስጤም፣ ቱርክ፣ ፓኪስታን፣ ቆጵሮስና ዮርዳኖስ በአንድ ጠረጴዛ ተቀምጠው ያስተዳድሩታል። አፍሪካውያን ሳይንቲስቶች የራሳችን ይኑረን እያሉ ነው፤ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ። መድኃኒት፣ አፈር፣ የሰብል በሽታ፣ ቅርስ፣ ሁሉም እዚያ ይመረመራል። ከኤልኤችሲ ጋር ሲነጻጸር ወጪው ትንሽ ነው፤ ጥቅሙ ደግሞ በየላቦራቶሪው ይደርሳል።

በመጨረሻ ለክፍልዎ አንድ ነገር ልጠቁም። ሰርን ከ2014 ጀምሮ «ቢምላይን ፎር ስኩልስ» የሚባል የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ውድድር ያካሂዳል። ከየትኛውም አገር መወዳደር ይቻላል። ተማሪዎች በቡድን ሆነው በእውነተኛ የቅንጣት ጨረር ሊሠሩት የሚፈልጉትን ሙከራ አጠር አድርገው ጽፈው፣ ከትንሽ ቪዲዮ ጋር ይልካሉ። ያሸነፉት ሄደው ሙከራቸውን ራሳቸው ይሠሩታል። ውስብስብ ሐሳብ አይጠበቅባቸውም። ለምሳሌ ከአካባቢያቸው የተወሰደ ድንጋይ፣ ሸክላ ወይም አፈር ምን ያህል ጨረር እንደሚያስቆም መለካት በቂ መነሻ ነው። ረቂቁን ሲጽፉ የሚያደናግራቸው ነገር ካለ ይላኩልኝ፣ አብረን እናየዋለን።